ዒዳዋ እንዳለቀ የተንኳኳው በር

 

የኢድ ሶላት በአዲስ አበባ ስታዲየም ሲሰገድ ሰፉ ከሜዳው ተርፎ ወደ መስቀል አደባባይ እንደሚፈስ ታውቃላችሁ። ከቂርቆስ በእግሩ የመጣው፣ ከካዛንቺስ ቁልቁል የወረደው፣ ከኮልፌ በሌሊት ታክሲ ተጋፍቶ የደረሰው ሁሉ አስፋልቱ ላይ መስገጃውን ያነጥፋል። ኹጥባው ካለቀ በኋላ ያለችውን ሰዓት አስቧት። ሰው ሁሉ ተነስቶ ይተቃቀፋል። አባት ልጁን ትከሻው ላይ ያወጣል። ዘንድሮ የተጋቡት አንድ ዓይነት ቀለም ለብሰው ፎቶ ይነሳሉ። አንተ ደግሞ መስገጃህን አጥፈህ ብብትህ ሥር ይዘህ፣ በዚያ ሁሉ ሕዝብ መሐል ወዴት እንደምትሄድ ሳታውቅ ትንሽ ትቆማለህ። አንቺም እህቴ፣ ቤት ስትደርሺ አክስትሽ ገና ጫማሽን ሳታወልቂ ምን ብላ እንደምትጠይቅሽ ከአሁኑ ታውቂዋለሽ፦ «አንቺስ መቼ ነው?»

የዛሬዋ ማስታወሻ ለዚህች ጥያቄ መልስ አጥተው አንገታቸውን ለሚደፉ ናት። ያገባችሁም አንብቧት፤ ጥያቄውን የምትጠይቁት እናንተ ናችሁና።

«ፍቅር ሳይጠብቁት ነው የሚመጣው» ሲባል ትሰማላችሁ። እውነቱን ለመናገር፣ ብዙ ጊዜ ይህን የሚል ሰው ወሬውን ዘግቶ ወደ ሌላ ለማለፍ ነው የሚለው። የከፋውን ሰው አያጽናናም። ዲናችንም ስላልታሰበ ሲሳይ ይነግረናል፤ ነገር ግን የት ቦታ ላይ እንደሚነግረን ያስተዋልን ጥቂቶች ነን።

አላህን የሚፈራ ሰው መውጫ እንደሚበጅለት፣ ባላሰበው በኩልም ሲሳይ እንደሚመጣለት የሚናገረውን የቁርኣን ቃል ሁላችንም እናውቀዋለን። ሱቅ ውስጥ ከገንዘብ መቀበያው በላይ ተሰቅሎ አይተነዋል፤ የሚኒባስ መስታወት ላይም ተለጥፎ አይተነዋል። የትኛው ሱራ ውስጥ ነው? ሱረቱ ጦላቅ ውስጥ። የፍቺ ሱራ! ከፊቱም ከኋላውም ያለው ሕግ ስለ ዒዳ ነው፤ ሴትየዋን ከቤቷ ስላለማባረር ነው፤ ምስክር ስለማቆም፣ ለነፍሰ ጡሯ ቀለብ ስለመቁረጥ ነው። ጌታችን ይህን ታላቅ ተስፋ ያስቀመጠው ስለ ንግድ በሚያወራ ቦታ ላይ አይደለም። ጎጆ ሲፈርስ፣ ሁለት ሰዎች ዓይን ለዓይን መተያየት ሲያቅታቸው፣ ክፋት ለመሥራት ምክንያት ሞልቶ ሳለ አላህን ለፈራ ሰው ነው ያስቀመጠው። እዚያ ቦታ ላይ አላህን መፍራት ማለት ደግሞ በጣም የሚዳሰስ ነገር ነው፤ አለመጉዳት፣ የሰው ሐቅ አለመብላት፣ ቀን ቆጥሮ መጠበቅ።

ይህ ነገር በሰው ሕይወት ላይ ምን ሆኖ እንደሚታይ ማየት ከፈለጋችሁ ሩቅ አትሂዱ። የተፈጸመው በእኛው አገር ነው።

ረምላ ቢንት አቢ ሱፍያን (ረ.ዐ) ትባላለች፤ እኛ በልጇ በሐቢባ ስም ኡሙ ሐቢባ እንላታለን። አባቷ አቡ ሱፍያን ከቁረይሽ ታላላቆች አንዱ ነው፤ በኋላ በኡሑድ የመካን ጦር የመራው እሱ ነው። ልጁ ግን እስልምናን ተቀበለች። ከባሏ ከዑበይዱላህ ኢብን ጀሕሽ ጋር ባሕር ተሻግራ ነጃሺ ወደሚገዛው ወደ ሀበሻ ተሰደደች። ያደገችበትን የጌታ ቤት ትታ ቋንቋውን ወደማታውቀው አገር መጣች።

የሲራ ጸሐፊዎች እንደሚተርኩት ባሏ በስደት ላይ ሳለ እስልምናን ተወ፤ እዚያው ሀበሻ ውስጥም ሞተ። እስቲ ቦታዋ ላይ ሆናችሁ አስቡ። ወደ መካ ልመለስ ብትል አባቷ ከጠላት ወገን ነው። ወደ መዲና ልሂድ ብትል መንገዱ ባሕርና በረሃ ነው፣ እሷም ልጅ ይዛለች። በእምነት ምክንያት አገሯን ጥላ መጣች፤ አብሯት የመጣው ሰው ያንኑ እምነት ጥሎ ሄደ። ከዚህ በላይ ብቸኝነት አለ? አንዳንዶቻችሁ ይህን ታውቁታላችሁ። ለዲን ብላችሁ የመረጣችሁት ሰው መጀመሪያ ዲኑን፣ ቀጥሎ እናንተን የተወባችሁ አላችሁ። ስለሰው ስትጠየቁ «ደህና ነው» ብላችሁ የምታልፉ አላችሁ።

ኡሙ ሐቢባ በዚያ ጊዜ ስለ አዲስ ትዳር ታልም ነበር ብሎ መገመት ይከብደኛል። ዒዳዋን ቆጠረች፤ ልጇን አሳደገች፤ በእምነቷ ጸናች። ከእሷ የሚጠበቀው ይህ ነበር፣ ይህንኑ አደረገች።

ዒዳዋ አልቆ ብዙም ሳይቆይ በሯ ተንኳኳ።

የመጣችው አብረሃ የምትባል የንጉሡ አገልጋይ ናት። (ስሟ የዝሆኑን ጦር ወደ መካ ያመጣውን ሰውዬ ያስታውሳል፤ ይቺ ግን የነጃሺን ልብስና ሽቶ የምትይዝ ሴት ነበረች።) መልእክቷ አጭር ነው። የአላህ መልእክተኛ (ሰ.ዐ.ወ) ኡሙ ሐቢባን እንዲድርላቸው ለነጃሺ ጽፈዋል፤ ንጉሡም የሚወክላትን ሰው እንድትሰይም ጠይቋታል።

መዲና ሆነው፣ ባሕር ማዶ፣ የአንዲት ሴት ባል መሞቱንና ብቻዋን መቅረቷን ያሰቡላት ሰው ነበሩ።

ኡሙ ሐቢባ ከደስታዋ የተነሳ በእጆቿ የነበሩትን ሁለት የብር አምባሮች አወለቀች፤ የእግሯን አልቦና የጣቶቿን ቀለበቶች ጨመረች፤ ሁሉንም ለአብረሃ ሰጠቻት። የምሥራች ነው! ወዲያው ደግሞ ከጎሳዋ የሆነውን ኻሊድ ኢብን ሰዒድን (ረ.ዐ) ወኪሏ አድርጋ ሰየመች። ማታ ላይ ነጃሺ ጃዕፈር ኢብን አቢ ጧሊብንና (ረ.ዐ) በአገሩ ያሉትን ሙስሊሞች ሰበሰበ። አላህን አመስግኖ ተናገረ፤ ኒካሑም ተፈጸመ። 400 ዲናር መህር ከራሱ አውጥቶ በሰዎቹ ፊት አፈሰሰው። እንግዶቹ ሊነሱ ሲሉም ቁጭ በሉ አላቸው፤ የነቢያት ወግ በጋብቻ ላይ ምግብ መብላት ነው ብሎ ማዕድ አስቀረበ። እንግዲህ የነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) አንዱ ኒካሕ የታሰረው፣ ወሊማውም የተበላው በእኛ ምድር ነው። ሙሽራዋ በሂጅራ 7ኛው ዓመት አካባቢ ከሹረሕቢል ኢብን ሐሰና (ረ.ዐ) ጋር መዲና ገባች።

እዚህ ላይ አንድ ነገር በቅንፍ ልበል። ይህን 400 ዲናር እየጠቀሱ መህር የሚያስወድዱ ሰዎች አሉ። እናታችን ዓኢሻ (ረ.ዐ) የነቢዩ ሚስቶች መህር በአብዛኛው 500 ድርሃም እንደነበር ተናግራለች። የኡሙ ሐቢባ የበዛው ከፋዩ ንጉሥ ስለነበረ ነው። ሙሽራውን ንጉሥ የሚከፍልለት ከሆነ ጠይቁ፤ ካልሆነ ግን ወንድማችሁን እዘኑለት።

አሁን ወደ ራሳችን እንመለስ። በዚህ ታሪክ ውስጥ ያልታሰበው ነገር ዜናው ነው። ዜናው ከደረሰ በኋላ ያለው ሁሉ ግን የታሰበበት ነው። ወኪል አለ፤ ምስክር አለ፤ መህር አለ፤ የተጠራ ሰውና የቀረበ ምግብ አለ። ኡሙ ሐቢባ ደስታዋን አልደበቀችም፤ እንዲያውም እስከ እግሯ ጌጥ አውልቃ ሰጠች። በሩ ግን የፊት በር ነበር።

በእኛ ዘመን «ሳላስበው ነው የወደድኩት» የሚለው ቃል ለሌላ ነገር መሸፈኛ ሲሆን እናያለን። ከሌሊቱ ስድስት ሰዓት በቴሌግራም «ተኛሽ?» ብሎ ይገባል። ስድስት ወር ያወራል። ስለ እናቱ ሕመም ይነግራታል፤ ስለ አለቃው ይነግራታል፤ ልቧን በሙሉ ይወስዳል። ወንድሟን አግኝ ስትለው ግን «ገና አልተዘጋጀሁም» ይላል። ወንድሜ፣ ላለመዘጋጀትህ ማንም አይወቅስህም። ሳትዘጋጅ የወሰድከውን ግን መልሰህ አትሰጣትም። ስሜቱ በልብህ ውስጥ በመግባቱ ኃጢአት አልሠራህም፤ ልብ በአላህ እጅ ነው። ቢሮ ውስጥ አጠገብህ የምትሠራ፣ በአክብሮቷና በሥነ ምግባሯ ልብህን የነካች ሴት ካለች፣ ቤተሰቧ የት እንደሆነ ጠይቅ። አስቸጋሪው ነገር ይኸው ብቻ ነው። ነቢዩም (ሰ.ዐ.ወ) ለሚዋደዱ ሁለት ሰዎች እንደ ኒካሕ ያለ ነገር እንዳልታየ አስተምረዋል።

የነቢዩላህ ሙሳንም (ዐ.ሰ) ታሪክ በሱረቱል ቀሶስ ታነባላችሁ። ከግብጽ የሸሸው ሊገድሉት ስለሚፈልጉት ነው። መድየን ሲደርስ ቤት የለውም፤ ሥራ የለውም። ውሃው ጋ ሁለት ሴቶች መንጋቸውን ከልክለው ከዳር ቆመው አየ። ጠየቃቸው፤ አጠጣላቸው፤ ከዚያ ዞር ብሎ ወደ ጥላው ሄደ። ስማቸውን አልጠየቀም። አንዳንዱ ሰው መልካም ሥራ ሠርቶ ምስጋናውን እስኪያገኝ ይቆማል፤ ሙሳ ግን ጥላ ሥር ሆኖ ከጌታው ከሚወርድለት ማንኛውም መልካም ነገር ፈላጊ መሆኑን ተናገረ። ሚስት ስጠኝ አላለም። ከዚያ በኋላ አንደኛዋ በሐያእ እየተራመደች መጣች፤ አባቷ እየጠራው ነው። ሥራ አገኘ፤ መጠለያ አገኘ፤ ሚስት አገኘ። ስለ መህሩም ስምንት ዓመት፣ ከፈለገም ዐሥር፣ ሊያገለግል ተዋዋለ።

ሁለቱን ታሪኮች ስታስተያዩ አንድ ነገር ታያላችሁ። ሁለቱም በራሳቸው ሩጫ አላገኙትም። ሁለቱም ጋ ግን በመካከል የገባ ሰው አለ። ለሙሳ ልጅቷ ለአባቷ ተናገረች፤ ጠንካራና ታማኝ ነው ቅጠረው አለችው። ለእናታችን ኸዲጃ (ረ.ዐ) ነፊሳ የምትባል ጓደኛዋ ሄዳ ሙሐመድን (ሰ.ዐ.ወ) አነጋገረችላት። ለኡሙ ሐቢባ አብረሃ በር አንኳኳች።

ለእኛ ማን ያንኳኳልን? ይህ ጥያቄ በተለይ በአዲስ አበባ ከባድ እየሆነ መጥቷል። ካዛንቺስን ውሰዱ። ጣሊያን ለመንግሥት ሠራተኞች ከሠራቸው ቤቶች ስሙን ያገኘ አሮጌ ሰፈር ነበር። ግድግዳ ለግድግዳ የሚኖር ሰው ነበር፤ የማን ልጅ ሶላት እንደማያቋርጥ፣ የማን ልጅ እናቷን እንደምትጦር ጎረቤት ሁሉ ያውቃል። ቡና ላይ አንዷ እናት ለሌላዋ «ለልጅሽ ያቺን የእከሊትን ልጅ አይተሻታል?» ትላለች፤ ትዳር እንዲህ ይጀመር ነበር። በ2017 ዓ.ም. ሰፈሩ ለኮሪደር ልማት ሲነሳ ጎረቤቱ በከተማው ዳርና ዳር ተበተነ። መንገዱ ሰፋ፤ መብራቱም ያምራል። ግን የልጅሽን ጠባይ የምታውቀው ሴትዮ አሁን በሌላኛው የከተማ ጫፍ፣ አራተኛ ፎቅ ላይ ናት። እናንተም አዲሱ ሕንጻ ላይ ደረጃ ላይ የምታገኟትን ጎረቤት ስሟን አታውቁም።

ስለዚህ ለጓደኛችሁ አብረሃ ሁኑለት። ያገባችሁ በተለይ። ሁለት ጥሩ ሰዎች ታውቁ ይሆናል፤ አንዱ ስታዲየም ታክሲ ተራ አጠገብ ሱቅ ያለው፣ አንዷ አራት ኪሎ የምታስተምር። ሁለቱም «ሰው የለም» እያሉ ነው። አንድ ስልክ መደወል ነው። «ነገሩ ባይሳካ እታማለሁ» ብላችሁ ትፈራላችሁ። ትታሙም ይሆናል፤ ታገሱት።

ሌላም የሚመር ነገር ልናገር። ያላሰብነው ፍቅር የማይደርሰን አንዳንዴ እኛው በር ላይ ዘበኛ ስላቆምን ነው። ኡሙ ሐቢባ ዛሬ ብትኖር ምን እንላት ነበር? አግብታ የነበረች፤ ልጅ ያላት፤ ስለ ባሏ ሰው የሚያወራ፤ ቤተሰቧ የማይቀበላት። ስንቶቻችን ነን ሽማግሌ የምንልከው? የስንቶቻችን እናት ናት «ያልተነካች ሞልታ ሳለ?» የማትል? በሌላ በኩል እህቴ፣ አንድ ሰው በጥሩ ጠባይና በዲኑ ታውቆ ሲጠይቅሽ ብሔሩን፣ ቁመቱንና መኪናውን ቆጥረሽ መለስሽው እንበል። እሱን መመለስ መብትሽ ነው። ከዚያ በኋላ ግን «ለእኔ አልተጻፈልኝም» ማለት ይከብዳል። ምርጫ ይኑራችሁ፤ አልከለክልም። ዲንና ጠባይ ከላይ ይሁን፤ ከሥር ያለው ዝርዝር ግን በእርሳስ የተጻፈ ይሁን።

እስካሁን ያወራነው ተሳክቶ ስለቀረው ነው። ሳይታሰብ መጥቶ ለአንዱ ብቻ የሚመጣም ፍቅር አለ። በመዲና ሙጊስ የሚባል ሰው ነበር። ሚስቱ በሪራ ከባርነት ነጻ ስትወጣ ከእሱ ጋር መኖርን የመተው መብት አገኘች፤ ተወችውም። ሙጊስ በመዲና መንገዶች ላይ ከኋላዋ እየተከተለ ያለቅስ ነበር፤ እንባው ጺሙን እስኪያርስ። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) አዘኑለት። አልሳቁበትም፤ ወንድ አያለቅስም አላሉትም። ወደ በሪራ ሄደው ብትመለሽለት ምናለ አሏት። እሷም ትእዛዝ ነው ወይ ብላ ጠየቀች። አይደለም፣ አማላጅ ነኝ አሉ። እንግዲያው አልፈልገውም አለች።

በዚያው አበቃ። የአላህ መልእክተኛ ያማለዱለት ሰው እምቢ ተባለ፤ እሷም አልተወቀሰችም፤ እሱም አልተናቀም። እምቢ ስትባል ስሟን የምታጠፋ፣ ፎቶዋን የምትበትን፣ በጓደኞቿ በኩል የምታስፈራራ ወንድሜ፣ ከሙጊስ ተማር። አልቅስ፤ ማልቀስህን አላህ ያውቃል። ከዚያ ግን ልቀቃት። አንቺም እህቴ፣ «እሺ ካላልሽው ልቡ ይሰበራል» ብለው ከሚያስጨንቁሽ ሰዎች ይልቅ የበሪራን መልስ አስቢ።

ይህን ሁሉ ካልኩ በኋላም የምታገኙበትን ቀን ልነግራችሁ አልችልም። ሳያገቡ የሞቱ ታላላቅ ዓሊሞች ነበሩ፤ ኢማም ነወዊ (ረ.ሐ) አንዱ ናቸው፤ ኪታባቸው ግን ዛሬም በየመስጂዱ ይቀራል። ያ ሰው ከሕይወት ጎደለ የሚል ማን አለ? በጁምዓ ቀን ከዐስር በኋላ ያለችው ሰዓት ዱዓእ ተቀባይነት የሚያገኝባት ናት ተብሎ የሚጠበቅባት ናት። ስታደርጉ የአንድ ብቸኛ ሰው ስም አብራችሁ ጥሩ። ለራቀ ወንድሙ ዱዓእ ለሚያደርግ መልአክ ለአንተም እንደዚያው እንደሚለው ተምረናልና።

የአብረሃን ነገር ግን አልጨረስኩም። መህሩ ኡሙ ሐቢባ እጅ በገባ ጊዜ አብረሃን አስጠራቻት። ያን ቀን የሰጠሁሽ እጄ ላይ ሌላ ስላልነበረኝ ነው አለቻት፤ 50 ምስቃል ወርቅም ዘረጋችላት። አብረሃ አልቀበልም አለች። ይባስ ብላ ያን ቀን የወሰደቻቸውን አምባሮችና ቀለበቶች አውጥታ መለሰች፤ ንጉሡ ምንም እንዳልወስድ አዞኛል አለች። በማግስቱ ከንጉሡ ሚስቶች የተላከውን ዑድና ዐንበር ይዛ መጣች። ከዚያ አንድ ነገር ለመነቻት። እሷም በልቧ ሰልማለች፤ ሙሐመድን (ሰ.ዐ.ወ) አይታቸው አታውቅም። መዲና ስትደርሺ ሰላምታዬን አድርሺልኝ፣ ዲናቸውን መከተሌንም ንገሪልኝ አለች። ኡሙ ሐቢባ ለመንገድ ስትዘጋጅ አብረሃ በገባች ቁጥር ጉዳዬን እንዳትረሺ ትላት ነበር።

አልረሳችም። መዲና ገብታ ስለ ኒካሑና ስለ አብረሃ ስትነግራቸው የአላህ መልእክተኛ (ሰ.ዐ.ወ) ፈገግ አሉ፤ በሀበሻ ምድር ላለችው ለዚያች ሴትም ሰላምታዋን ሙሉ አድርገው መለሱላት።